የድሬው ባትማን፦ በጠራራ ፀሐይ የሚወጣው የሌሊት ወፍ

አቦ ዝም ብዬ ልግባበት። «የድሬ ባትማን» የሚባለው ፊልም 22 ደቂቃ ነው፣ ሙሉውን በስልክ ነው የቀረፁት፣ ድምፁ ግማሹ ንፋስ ግማሹ ባጃጅ ነው፣ የዋናው ተዋናይ አንድ ጆሮ በሙቀት ተላቆ ሲወርድ በዓይናችሁ ታያላችሁ፣ ያም ሆኖ ዘንድሮ ካየኋቸው ኮሜዲዎች ሁሉ በጣም ያሳቀኝ እሱ ነው፣ እነዚያን ቪላ ቤት ውስጥ ባልና ሚስት ሁለት ሰዓት ሙሉ ሲደባበቁ የሚያልቁትን ጨምሬ ነው የምለው። የሠሩት የሰፈር ልጆች ናቸው፣ ስም አልጠራም፣ አብዛኛው ወጪያችን ምሳና ቤንዚን ነበር ይላሉ፣ ሲታይም ያስታውቃል፣ ግን ኮሜዲ ከብር በፊት ጭንቅላት ነው የሚፈልገው፣ በሱ ደሞ ልጆቹ አይታሙም።

ባትማንን ለማያውቅ (አለ እንዴ? የልጆች ቦርሳ ላይ ሳይቀር አለ እኮ) ባጭሩ፣ ቦብ ኬንና ቢል ፊንገር የሚባሉ ሁለት አሜሪካኖች የፈጠሩት የኮሚክ ገጸ ባህሪ ነው፣ መጀመሪያ የወጣው በ1939 በፈረንጆቹ ዲቴክቲቭ ኮሚክስ ቁጥር 27 ላይ ነው። ብሩስ ዌይን የሚባል የሀብታም ልጅ እናት አባቱ ዓይኑ እያየ በሌባ ይገደሉበትና ሲያድግ ጥቁር ለብሶ ሌሊት ሌሊት ወንጀለኛ ማሳደድ ይጀምራል፣ ይሄው ነው። ከሱፐርማን የሚለየው ምንም ልዩ ኃይል የለውም፣ አይበርም፣ ጥይት ደረቱ ላይ አይነጥርም፣ ያለው ነገር ብር ነው። ብር፣ ጨለማ፣ እና ማን እንደሆነ አለመታወቁ። የድሬዎቹ ልጆች ሦስቱንም ነጠቁት። ብር የለውም፣ ጨለማ የለም፣ ማን እንደሆነ ደሞ ሰፈሩ በሙሉ ያውቃል። ከዛ ልቀቁትና ምን እንደሚሆን እንይ ብለው ለቀቁት።

ብዙ ሰው ሙድ መያዝ ሲባል አልባሳቱን አስመስሎ የሚያስቅ ድምፅ ማውጣት ይመስለዋል፣ ስንት ስፓይደርማን የለበሰ ልጅ ቲክቶክ ላይ እስክስታ ሲወርድ አይተን ደክሞናል። እነዚህ ግን ባትማንን አምጥተው ድሬ ላይ አላስቀመጡትም፣ ድሬ ናት ባትማኑን ያበላሸችው። ቀልዱ ሁሉ የሚመጣው ከከተማው ነው።

ፊልሙ የሚከፍተው በጥቁርና ነጭ ነው። አሮጌው ባቡር ጣቢያ ይታያል፣ ከዚራ የሚባለው ሰፈር እነዛ ዛፍ የተተከለባቸው ቀጥ ያሉ መንገዶች ይታያሉ፣ ከዛ የወፈረ ድምፅ «ይህች ከተማ በ1902 በፈረንጆቹ ባቡር ሲደርስ ተወለደች… ዛሬ ግን ባቡሩ ከከተማ ወጥቷል፣ ሰላሟም አብሮት ተሳፍሯል…» ብሎ ልክ እንደ ሆሊውድ ማስታወቂያ ይጀምራል (አዲሱ ጣቢያ ከከተማ ውጭ መሆኑን ነው የሚያሽሟጥጡት፣ በሻንጣ ሄዶ የሚያውቅ ይገባዋል)። ተራኪው ሦስተኛው አረፍተ ነገር ላይ ሳይደርስ አንዲት ሴትዮ ከሆነ መስኮት «ማነው እሱ በዚህ ሰዓት የሚጮኸው፣ ሰው ተኝቷል እኮ!» ትላለች፣ ተራኪውም ድምፁን ዝቅ ያደርግና በሹክሹክታ ይቀጥላል። እስከ ፊልሙ መጨረሻ ድረስ በሹክሹክታ ነው የሚተርክልን። አንዴ ተስቆበት ያልቃል ብዬ ነበር የጠበቅኩት፣ አላለቀም፣ እየቆየ ነው የባሰው።

ታሪኩ ቀላል ነው። ግንቦት ነው፣ ሙቀቱ አናት ላይ ወጥቷል፣ ከየቤቱ ቬንትሌተር እየጠፋ ነው። ወርቅ አይደለም፣ ስልክ አይደለም፣ ቬንትሌተር። የደጋ ሰው ይሄ ተራ ስርቆት ሊመስለው ይችላል፣ ግንቦትን ድሬ ላይ ያደረ ሰው ግን የነፍስ ጉዳይ እንደሆነ ያውቃል፣ እኔ ባየሁበት ቀን ሌባው ወንበር ላይ ቆሞ የጣሪያ ፋን በዊንች ሲፈታ ከፊቴ የተቀመጡ አንድ አባት «ኧረ እሱንስ ተው አንተ ልጅ!» ብለው ስክሪኑን ተቆጥተዋል። እና ይሄን ሌባ የሚያሳድደው ማን ነው? ብሩክ ነው። ብሩክ ወይኔ። ከአያቱ ጋር የሚኖር፣ ሥራ የሌለው፣ ቀን ሲተኛ የሚውል ልጅ። አያቱ በጠራችው ቁጥር «ብሩኬ… ወይኔ!» ነው የምትለው፣ ስሙ ይሁን ምሬቷ አይለይም።

አሁን ትልቁ ብልጠት ጋ ደረስን። ባትማን የጨለማ ሰው ነው፣ የሱ ከተማ ጎተም ሲመሽ ነው የሚወጣው፣ ልጆቹ ደሞ መብራት የላቸው፣ ጨለማ የሚችል ካሜራ የላቸው። ሌላ ሰው ቢሆን በቀን ቀርፆ ሰማያዊ ፊልተር ይጭንበትና ሌሊት ነው ብላችሁ እመኑኝ ይለናል፣ ስንቱ ፊልም በዚህ ሸውዶናል። እነዚህ ግን ቁጭ ብለው አሰቡ፣ ድሬ ውስጥ መንገዱ ጭር የሚለው መቼ ነው ብለው። ማታማ ማን ቤቱ ይገባል? ማታ ነው እኮ ከተማው የሚነቃው፣ ሻዩ፣ ሳምቡሳው፣ ፉሉ፣ ሕፃን ሳይቀር እስከ አምስት ሰዓት አስፋልት ላይ ነው። ጭር የሚለው ከምሳ በኋላ ነው፣ ሱቁ ይዘጋል፣ ግማሹ ሰው ይተኛል ግማሹ በርጫ ላይ ይቀመጣል፣ እስከ አሥር ሰዓት ገደማ ከዚራን ማንም አይዞራትም። ስለዚህ ሌባው የሚሠራው በቀኑ ስምንት ሰዓት ነው፣ ሌባው በስምንት ከወጣ ባትማንም በስምንት ይወጣል፣ በጥቁር ልብስ፣ በዛ ፀሐይ። ተራኪው በሹክሹክታ «ከተማዋ ስትተኛ… እሱ ይነቃል… ሰዓቱም ከቀኑ ስምንት ሰዓት…» ሲል ቤቱ በሳቅ ነው የፈረሰው። ድክመታቸውን ይዘው የፊልሙ ዋና ሐሳብ አደረጉት፣ ብዙ ብር ያላቸው ሰዎች እንኳን ይሄን አላሰቡትም።

የባትማኑ ምልክትም እዚሁ ውስጥ ገብቷል። ኮሚኩ ላይ ፖሊሶቹ ሰማይ ላይ ትልቅ መብራት አብርተው የሌሊት ወፏን ቅርፅ ያሳያሉ አይደል፣ በጠራራ ፀሐይ ሰማይ ላይ ምን ይታያል ታዲያ? ጎረቤት ያለች አንዲት ልጅ የፀጉር ቤት መስታወት ላይ በጥቁር ፕላስተር የወፏን ቅርፅ ትለጥፍና ፀሐዩን በመስታወቱ ወደ ብሩክ መስኮት ታንፀባርቃለች። ግድግዳው ላይ ወፏ ቁጭ። መብራት ቢጠፋም ይሠራል ትላለች ልጅቷ፣ እሱም ጣቱን አንስቶ «ጎተም ይሄን አላሰበችም» ይላታል። የሠራው ደሞ በእውነት ነው፣ ኤዲት አይደለም፣ ጥላው ስትንቀጠቀጥ ይታያል።

ልብሱን ጠጋ ብላችሁ እዩት። ካባው ያረጀ ጥቁር ዣንጥላ ነው፣ ሽቦውን አውልቀው ጨርቁን ከሁለት ቀደው ትከሻው ላይ ሰፍተውታል፣ እና ያ የባትማን ካባ ጠርዝ ላይ ያለው ቅስት ቅስት በራሱ ጊዜ መጥቶላቸዋል፣ ወላሂ ይሄን ያሰበ ልጅ መሸለም አለበት። ደረቱ ላይ ያለው ወፍ ከሞተር ካላማዳሪያ የተቆረጠ ነው። ጆሮዎቹ የነጠላ ጫማ ሶል ናቸው፣ የግራው ላይ 42 የሚለው ቁጥር ሳይፋቅ ቀርቷል፣ በማስቲሽ ነው ያጣበቋቸው፣ ማስቲሽ ደሞ በድሬ ፀሐይ ምን እንደሚሆን ጫማ ሰፊ ጠይቁ። አንድ ቦታ ላይ ጣሪያ ላይ ቆሞ ስለ ፍትሕ ረጅም ንግግር ያደርጋል፣ ፊቱ ኮስተር ብሏል፣ ሙዚቃው ከባድ ነው፣ እና የቀኝ ጆሮው ቀስ እያለ መጋደል ይጀምራል። ካት አላሉም። እሱም አላቆመም። ጆሮው ሲጋደል እሱም አንገቱን በዛው ልክ ወደ ሌላው ጎን እያዘነበለ ለማስተካከል ይሞክራል፣ «ፍትሕ ማለት ወገኖቼ…» እያለ ከወገቡ ጭምር ተጣሞ ነው ንግግሩን የጨረሰው። ታቅዶ ይሁን ድንገት አላውቅም፣ ልጁ ግን ተዋናይ ነው፣ እንደዛ ተጣሞ አንድ ቃል አልሳተም።

የፊልሙ ልብ ግን ማንነቱን መደበቅ ያቃተው ነገር ነው። ድሬ ላይ ማን ተደብቆ ያውቃል? ባትማኑ ጭምብል አጥልቆ ካባ ነስንሶ ከግቢ ሲወጣ በር ላይ የተቀመጡ አንዲት እናት ቀና ብለው ሳያዩት፦

«ብሩኬ፣ ስትመለስ ስኳር ይዘህ ና ብላሃለች አያትህ።»

እሱ ድምፁን አጎርንኖ፦ «እኔ ብሩክ አይደለሁም። እኔ ባትማን ነኝ።»

«እሺ ባትማን። ሁለት ኪሎ።»

ቀጥሎ ያለው በር ላይ በኦሮምኛ ሰላም ይሉታል፣ ከዛ ማዶ ያለው ባለሱቅ በሶማልኛ ዱቤውን ያስታውሰዋል፣ እሱም ለሁሉም በየቋንቋቸው «እኔ ባትማን ነኝ» እያለ ይመልሳል፣ ድምፁን ደሞ በየቋንቋው ያጎረንነዋል። ሰብታይትል የለም፣ አያስፈልግምም፣ የኛ ሰው ይሰማዋል፣ የሌላ አገር ሰው ደሞ ከሰዎቹ ፊት ይገባዋል። በእርምጃው ነው የሚያውቁት፣ በጫማው፣ በአባቱ አፍንጫ። ባለሱቁ ጭራሽ «አቦ ጭንብሉን አውልቅ ትታፈናለህ» ብሎ ቀዝቃዛ ውሃ ይሰጠዋል፣ እሱም ዞር ብሎ ጭምብሉን ከፍ አድርጎ ይጠጣና መልሶ ያጠልቃል፣ ሁሉም ሰው በጨዋነት ፊቱን ያዞርለታል። ይሄ ሾት በጣም ደስ አለኝ። ሙሉ ሰፈር አንድ ልጅ ለሚጫወተው ጨዋታ አብሮ ሲጫወትለት።

ባትሞቢሉ (የባትማን መኪና ማለት ነው) ባጃጅ ነው፣ ይሄን ሁላችሁም ገምታችኋል፣ ያልገመታችሁት የባጃጁ ባለቤት ሹፌሩ መሆኑን ነው። ብሩክ አይነዳም፣ ተሳፋሪ ነው። ሹፌሩ ደሞ ነገሩ ሁሉ ግድ አይሰጠውም፣ ሌባውን እያሳደዱ መሐል መንገድ ላይ ቆሞ ሰው ይጭናል፣ «ቤንዚን በጀግንነት አይሞላም ወንድሜ» ይለዋል። ባትማን ከአንዲት ቀፊራ ከገበያ ከምትመለስ እናት ዘንቢልና ከአንድ ተማሪ ልጅ መሐል ተጨናንቆ ተቀምጦ፣ ካባው በበሩ ወጥቶ እየተውለበለበ፣ በኮስታራ ፊት ፊት ለፊት እያየ፣ ይሄ ሾት ለፖስተር የሚሆን ነው። ሲወርድ ሒሳብ ይጠየቃል። ባትማኑ ኪሱን ይፈትሻል። ልብሱ ኪስ የለውም። እናትየዋ ናት የከፈለችለት።

እናት አባቱስ? እዚህ ላይ ፈርቼ ነበር፣ ምክንያቱም የባትማን ታሪክ መነሻው ሞት ነው፣ ሞት ላይ ደሞ መቀለድ ሁሉ ሰው አይችልበትም። አልገደሏቸውም። ብሩክ ጣሪያ ላይ ቆሞ ፀሐይ ስትጠልቅ እያየ «ብቻዬን ነኝ… ወላጅ አልባ…» ሲል ስልኩ ይጠራል፣ ኢሞ ነው፣ እናቱ ናት፣ ጅቡቲ ናቸው ሥራ ላይ፣ አባቱም ከጀርባ እጁን ያውለበልባል። «ምን ለብሰህ ነው? አያትህ አውቃለች? በላህ?» የባትማን ሐዘን በሦስት ጥያቄ አለቀ። ከዛ ኔትወርኩ ይቆራረጥና የእናቱ ፊት ቀጥ ይላል፣ አፏ እንደተከፈተ፣ እሱም ዝም ብሎ ያያታል ትንሽ ረዘም ላለ ጊዜ። እዛ ጋ ቤቱ ውስጥ ሳቁ ቀነስ ብሎ ነበር። ድሬ ላይ ወደ ጅቡቲም ወደ ዓረብ አገርም የሄደ ዘመድ የሌለው ማን አለና።

የባትማንን ረዳት ሮቢንን ልርሳው እንዴ። ኮሚኩ ላይ ሮቢን ከባትማን አንድ ዓመት ዘግይቶ በ1940 ነው የመጣው፣ እዚህ ፊልም ላይ ደሞ ዘግይቶ የሚመጣው በደንገጎ ዳገት ነው፣ ከሐረር በሚኒባስ። ጃኬት ለብሶ ነው የሚመጣው ምስኪን፣ ሐረር ወደ 1900 ሜትር ከፍታ ላይ ነች ድሬ ደሞ 1200 ገደማ፣ ዳገቱን በወረደ ቁጥር አንድ አንድ ልብስ እያወለቀ ድሬ ሲደርስ በካናቴራ ቀርቷል፣ ልዩ ልብሱም በቦርሳ ውስጥ ቀረ። ሐረሬ በመሆኑ ብቻ ጅብ እጠራለሁ እያለ ይፎክራል፣ ጠላት ሲከብባቸው ሁለት ጣቱን አፉ ከትቶ ያፏጫል፣ ከጥጉ ፍየል ትወጣለች። አንድ ፍየል፣ ካርቶን እየበላች። የሐረርና የድሬ ልጆች መቸም እንደተናኮሱ ነው የሚኖሩት፣ ፊልሙ ግን አላከረረውም፣ ሮቢኑ መጨረሻ ላይ «እኛ ጋ ሌባ እንኳን ሲሠራ ንፋስ አለው» ብሎ የሐረርን ክብር አስመልሷል።

ጥሩውን አወራሁ፣ አሁን ደሞ የደከመበትን። ጆከሩ፣ የባትማን ዋና ጠላት። ሐሳቡ ጥሩ ነበር፣ ጆከሩ ደላላ ነው፣ ቬንትሌተሩን ሰብስቦ ግንቦት ሲብስ በእጥፍ የሚሸጥ፣ ፊቱ ላይ ዱቄት ተነስንሶ፣ «ኮሚሽኔን ብቻ ነው የምፈልገው» እያለ። መጀመሪያ ሲታይ ያስቃል። ግን ልጁ ሳቁን ወዶታል፣ ይስቃል ይስቃል አያባራም፣ እያንዳንዱ አረፍተ ነገር መጨረሻ ላይ ያ የጆከር ሳቅ አለ፣ ታይዋን ገበያ ውስጥ ያለው ትዕይንት ብቻ ሦስት ደቂቃ ይሆናል ከሱ ውስጥ ሁለቱ ሳቅ ነው። እዚሁ ትዕይንት ላይ ደሞ ያለ ምንም ምክንያት አራት ልጆች መጥተው ይጨፍራሉ፣ ለቲክቶክ ቆርጠው ሊለቁት እንደሆነ ግልጽ ነው፣ ታሪኩን ግን ገደለው። አቦ ድሬ ደላላ እኮ አይስቅም፣ ድሬ ደላላ አንገትህን አቅፎ በጆሮህ ነው የሚያወራህ፣ እሱን ቢያደርጉት ኖሮ ከጆከርም ይብስ ነበር።

ድብድቡ ይሄን ይክሳል። በ1966 አዳም ዌስት የሠራበት የቲቪ ባትማን ነበር፣ ራሱ ኮሜዲ ነገር፣ ሲደባደቡ ስክሪኑ ላይ በትልቅ ፊደል ፓው ዛፕ እያለ የሚጻፍ፣ ልጆቹ እሱን አምጥተው በካርቶን ላይ በቀለም ጽፈው አንዱ ልጅ ከካሜራው ፊት እየሮጠ ያሳያል። ኤዲት ላይ መሥራት አቅቷቸው አይደለም፣ ካርቶኑ ስለሚያስቅ ነው። «ጧ!» «ዷ!» ይልና ሦስተኛው ላይ «ኧረ በእናትህ!» ይላል፣ ባለካርቶኑ ልጅ ደሞ አንድ ጊዜ ስቶ የተገለበጠ ይዞ ይመጣል፣ ተዋናዮቹ ቡጢያቸውን በአየር ላይ አቁመው እስኪያስተካክል ይጠብቁታል።

ከዛ ማሳደዱ ደቻቱ ውስጥ ይገባል። ይሄን ትዕይንት ለብቻው ነው የማወራው። ደረቅ ነው ወንዙ፣ አሸዋ ብቻ፣ ባትማንና ጆከሩ አሸዋው ውስጥ እየተንገዳገዱ ይሯሯጣሉ፣ ፍየሏ ከኋላ፣ ሮቢን ጫማው ወልቆ፣ በጣም ነው የሚያስቀው። በድንገት ከድልድዩ ላይ አንድ ድምፅ «ደንገጎ ላይ ደመና አለ! ውጡ!» ይላል። ሁለቱም ይቆማሉ። ሙዚቃው ይቋረጣል። ወደ ተራራው ዞረው ያያሉ፣ ከዛ ባትማን የጆከሩን እጅ ይይዛል፣ ጆከሩ ፍየሏን ይሸከማል፣ ሁሉም በአንድ ጎን ዳገቱን ይወጣሉ። አንድም ቃል የለም። ዳር ላይ ደርሰው ተቀምጠው ያለከልካሉ፣ ወንዙ አይመጣም፣ ደመናውም ይበተናል፣ ትንሽ ቆይተው ጆከሩ «እንቀጥል?» ይላል፣ ባትማን «እንቀጥል» ይላል፣ ይወርዳሉ።

ከሌላ ከተማ የመጣ ሰው ይሄን እንደ አንድ የቀልድ ማቋረጫ ሊያየው ይችላል። በ1998 ዓ.ም. ክረምት፣ ሐምሌ ማለቂያ ላይ፣ በሌሊት ደቻቱ ሞልቶ መጥቶ ከ200 በላይ ሰው የወሰደበት ከተማ ነው ይሄ፣ እዚህ ዝናብ ባይዘንብ እንኳን ላይኛው ተራራ ላይ ከዘነበ ጎርፉ ይመጣል፣ ስለዚህ ድሬ ላይ ሰው ሰማዩን የሚያየው በራሱ አናት ሳይሆን ወደ ደንገጎ ነው። ልጆቹ ስለ ጎርፉ አንድ ቀልድ አልሠሩም፣ አንድ ንግግርም አላደረጉም፣ የሞቱትን ለማስለቀሻ አልተጠቀሙባቸውም፣ እንዴት እንደምንኖር ብቻ አሳዩ። እነሱ ያኔ ወይ አልተወለዱም ወይ ሕፃናት ነበሩ። ያ «እንቀጥል?» የምትለዋ ነገር ሳቅ ታመጣለች፣ ግን ሌላ ዓይነት ሳቅ ነው።

ድምፁ ላይ ምሕረት የለኝም። ከቤት ውጭ ያለው ሁሉ ያለ ማይክ ነው የተቀረፀው፣ ንፋስ ሲመታው ንግግሩ ይጠፋል፣ የተወሰነውን በኋላ ቤት ውስጥ ደግመው ቀድተው ለጥፈውታል እና አፍና ድምፅ አይገጥምም፣ አያቲቱ አፏ ከተዘጋ በኋላ «ብሩኬ» የምትል ቦታ አለች። ምስሉን ይቅር እንላለን፣ ድምፅ ግን ቀልድ ይገድላል፣ ሰው ያልሰማውን አይስቅም። አንድ የአንገት ማይክ የሚከራይ ሰው አይጠፋም፣ ከጓደኛም ይለመናል። ቀለሙም አንዳንድ ቦታ ላይ ተጋንኖ የሰዉ ፊት ብርቱካንማ ሆኗል፣ ካፕከት ላይ ያሉትን ፊልተሮች በሙሉ መሞከር ግዴታ አይደለም።

ሌላ የቆጨኝ ዋሻው ነው። ባትኬቭ (የባትማን መደበቂያ ዋሻ) ያደረጉት የአያቱን የከሰል ክፍል ነው፣ ገብቶ ሲወጣ ጠቁሮ ስለሚወጣ ጥሩ ቀልድ ነው እሱስ። ግን ለከተማው ቅርብ የሆነ ፖርክ ኤፒክ የሚባል እውነተኛ ዋሻ አለን እኮ፣ ሄንሪ ደ ሞንፍሬድና ቴያር ደ ሻርዳን የሚባሉ ፈረንሳዮች በ1929 በፈረንጆቹ ያገኙት፣ የድንጋይ ዘመን ሰዎች መሣሪያና የግድግዳ ሥዕል የተገኘበት። አንድ ሾት ብቻ፣ ባትማን ከዋሻው አፍ ላይ ቆሞ ከተማውን ቁልቁል ሲያይ፣ ከሆሊውዱ በምን ያንሳል? ሲሄዱ ታዲያ ፈቃድ ጠይቀው፣ ግድግዳውን ሳይነኩ፣ እዛ ላይ የወፏን ምልክት የሚስል ካለ እኔ ራሴ ነኝ ጆከር የምሆንበት።

መጨረሻውን አልነግራችሁም፣ ቬንትሌተሮቹ የት እንደተገኙ ማለት ነው፣ አያቲቱ ግን ከደሙ ንጹህ አይደለችም ብቻ ልበል። አያቲቱን የምትጫወተዋ እናት በሕይወቷ ተውና አታውቅም አሉ፣ አያስታውቅም፣ ወይም በጣም ያስታውቃል፣ ምክንያቱም ካሜራውን ጭራሽ ረስታዋለች፣ ሽንኩርት እየላጠች ነው የምታወራው፣ ባትማኑ ዓለምን ላድን ነው ሲላት «ቅድሚያ ጀሪካኑን ሙላ፣ ውሃ መጥቷል» ስትለው ትወናው ትወና አይመስልም። እሷን ብቻ ለማየት ይከፈላል።

ክሬዲቱን ሳታዩ እንዳትነሱ። ቢል ፊንገር የባትማን ፈጣሪ ተብሎ ከቦብ ኬን ጋር ስሙ በይፋ መጻፍ የጀመረው በ2015 በፈረንጆቹ ነው፣ ሰውየው በ1974 ሞቶ፣ እነዚህ ልጆች ደሞ ባጃጁን ያዋሰውን፣ መስታወቱን የሰጠችውን፣ ምሳ ያበሰለችውን፣ ፍየሏን ሳይቀር ጽፈዋል። ፍየሏ «እንደ ራሷ» ተብላ ነው የተጻፈችው።

እንግዲህ ለማየት የምትፈልጉ፣ ፋይሉ በቴሌግራም ከእጅ ወደ እጅ እየዞረ ነው፣ ግን በስልክ አትዩት፣ ሹክሹክታው አይሰማም፣ ቢያንስ ስፒከር ሰኩበት። ድሬ ካላችሁ ደሞ ልጆቹ በፕሮጀክተር ግድግዳ ላይ ሲያሳዩ ሂዱ፣ መግቢያው ከአንድ ሻይና ሳምቡሳ አይበልጥም፣ ማታ ነው የሚያሳዩት ያው ሰው የሚወጣው ማታ ስለሆነ። ወንበር አይበቃም፣ በርጩማ ያለው ይያዝ፣ ስፒከሩ በስተግራ ስለሆነ በግራ በኩል ተቀመጡ፣ ከኋላ ያሉት በርጫ ላይ የነበሩ ወንድሞች አስቀድመው አይተውት ስለሆነ ቀልዱን ከተዋናዩ ቀድመው ይሉታል፣ ከነሱ ራቅ በሉ።